የታይሮን ኧርል

ሹመት ሲባል ጭማሪ ይመስላል። የአየርላንዱን የኦኒል ቤተሰብ ታሪክ ስናገላብጥ ግን ያገኘነው ሌላ ነገር ነው፤ ማዕረጉ የተሰጠው ስም ተነጥቆ ነው።

ኮን ኦኒል በሰሜን አየርላንድ፣ በኧልስተር፣ ትልቁ ባላባት ነበር። በዚያ አገር "ኦኒሉ" የሚባለው አንድ ሰው ብቻ ነው፤ እሱም ከዘመዳሞቹ መካከል ተመርጦ፣ ተሊሆግ ኮረብታ ላይ ባለው የድንጋይ ወንበር ተቀምጦ ይሾማል። እ.ኤ.አ. በ1542 ኮን እንግሊዝ አገር ግሪኒች ድረስ ሄዶ ለንጉሥ ሄንሪ 8ኛ ገባና የታይሮን ኧርል ተባለ። በልዋጩ "ኦኒል" መባሉን ተወ። የገዛ መሬቱንም የንጉሥ ስጦታ አድርጎ መልሶ ተቀበለ። የራስን በሬ ከሰው እጅ ተቀብሎ እግዜር ይስጥልኝ ማለት እኮ ነው!

መዘዙ በልጆቹ ወጣ። በእንግሊዝ ሕግ ወራሹ በንጉሡ ደብዳቤ የተጻፈው ማቲው ነው፤ በአገሩ ደንብ ግን ዘመድ የመረጠው። ሼን የሚባለው ልጅ፣ ማቲው የቀጥቃጭ ልጅ እንጂ የአባቴ አይደለም ብሎ ተነሳ። ማቲው በ1558 ተገደለ፤ ሼንም በተራው በ1567።

ከሁሉ ያከራከረን የማቲው ልጅ ሂው ነው። ያደገው በእንግሊዞች መካከል ነው፤ በ1585 ኧርልነቱን አጸደቁለት። በ1595 ግን ድንጋዩ ላይ ተቀምጦ "ኦኒሉ" ሆነ። ግማሾቻችን "አድርባይ ነው" አልን። ግማሾቻችን ደግሞ "ኧረ ተዉት፣ ሁለት ስም የሰጡት ሰው በሁለቱም ቢጠራ ምን ይደንቃል?" ብለን ተሟገትን። በ1598 የሎው ፎርድ ላይ የእንግሊዝን ጦር ድባቅ የመታው ታዲያ ኧርሉ ነው ወይስ ኦኒሉ?

በ1601 ኪንሴል ላይ ተሸነፈ። በዓመቱ የእንግሊዙ አዛዥ ማውንትጆይ ያንን የድንጋይ ወንበር ሰባበረው። ያሸነፈ ሰው ከድንጋይ ጋር ምን ያታግለዋል? መቀመጫው ካለ ሌላ ኦኒል ይቀመጥበታላ!

በ1603 ሂው "ኦኒል" መባሉን ትቶ ኧርልነቱ ተመለሰለት። አራት ዓመት ቆይቶ ግን ከራትመለን በመርከብ ተሰደደ፤ መሬቱ ተወርሶ ከእንግሊዝና ከስኮትላንድ ለመጡ ሰፋሪዎች ታደለ። ሂው በ1616 ሮም ላይ ሞተ። ማዕረጉ በኋላ ለሌሎች ቤተሰቦች ተሰጠ። ዛሬ የዋተርፎርድ ማርኩዊስ ከማዕረጎቹ እንደ አንዱ ይዞታል። ዘሩ ቤረስፎርድ ነው።