ስለ ወይዘሮ አስናቀች ወርቁ የመድረክ ሥራ

የወይዘሮ አስናቀች ወርቁ ስም ሲነሣ ሰው ሁሉ የሚያስታውሰው ክራራቸውን ነው። ይህም ተገቢ ነው፤ በፓሪስ የሚታተመው «ኢትዮፒክ» የተባለው የሙዚቃ ተከታታይ 16ኛውን ክፍል ለእርሳቸው ብቻ ሰጥቷል። እኔ ግን ልጽፍ ያሰብኩት ብዙ ሰው ስለማያነሣው ስለ ተዋናይነታቸው ነው።

የአገራችን ቴአትር የሚጀምረው በ1913 ዓ.ም ገደማ «ፋቡላ፤ የአውሬዎች ኮሜዲያ»ን በደረሱት በበጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ነው። እርሳቸውም የኛው የተጉለት ልጅ፣ የሲያደብር ሰው ናቸው (ይህን የምጽፈው ለመኩራት ጭምር መሆኑን አልሸሽግም)። ከዚያ በኋላ ግን ለብዙ ዘመን በመድረክ ላይ ሴት ስታስፈልግ ሻሽ አስሮ ነጠላ ተከናንቦ የሚወጣው ወንድ ነበር። በሰው ፊት የምትጫወት ሴት «አዝማሪ» ትባል ነበርና፣ ቃሉም ስድብ ነበርና፣ ልጁን የሚፈቅድ ወላጅ ማግኘት ጭንቅ ነበር። ወይዘሮ አስናቀች ከመጀመሪያዎቹ ሴት ተዋንያን አንዷ ሆነው ወጡ፤ በ1948 ዓ.ም በተከፈተው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ በዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፣ ለብዙ ዓመታት ሠሩ።

ወንድ ሴት ሆኖ ሲጫወት ምን እንደሚጐድል እዚሁ ደብረ ብርሃን አይቻለሁ። ዓምና በአንድ የተማሪዎች ጨዋታ ላይ ልጇ የሞተባትን እናት የምትሆን ሴት ጠፍታ፣ ከክፍላችን አንድ ወንድ ልጅ ቀሚስ ለብሶ ወጣ። ደረቱን እየመታ ሲያለቅስ አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። እርሱ ምን ያድርግ? ደኅና አድርጎ ነበር ያለቀሰው። ቃሉን ሁሉ በቃሏ ይዛ የነበረች አንዲት ልጅ ግን፣ አባቷ «ልጄ አዝማሪ አትሆንም» ብለው ስለ ከለከሏት ከእኔ ጐን ተቀምጣ ነበር። አልሳቀችም፤ ከንፈሯ ብቻ ከልጁ ጋር እየተንቀሳቀሰ የእናቲቱን ቃል ይል ነበር።

ቴሌቪዥን ወደ አገራችን የገባው በ1957 ዓ.ም ነው፤ የመጀመሪያው ረጅም ፊልማችን «ሂሩት አባቷ ማን ነው» የታየውም በዚያው ዘመን ነው። ስለዚህ ከዚያ በፊት በመድረክ የተሠራው ሁሉ የቀረው በተመልካቾቹ ልብ ብቻ ነው፤ እነርሱም እያለፉ ናቸው። የወይዘሮ አስናቀች ዘፈን በሸክላ ተቀረጸ፤ የዚያን ዘመን ትወናቸውን ግን የሚያሳየን የለም። እርሳቸውም በመስከረም 2004 ዓ.ም አረፉ። ራሄል ሳሙኤል «አስኒ» የተባለውን ዘጋቢ ፊልም ስለ እርሳቸው ባትሠራ ኖሮ የእኔ ዕድሜ ልጆች መልካቸውንም ባላወቅን ነበር።

ለመስከረም ሌላ ጨዋታ እየተዘጋጀ ነው፤ በውስጡም አሁንም አንዲት እናት አለች፤ ቦታዋን የያዘ የለም። ይህን መጽሔት ወላጆችም እንደሚያነቡት ዐውቃለሁ። ልምምዱ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ነው።