«አውፍ በልና ፈርም»

ስለ ራሴ ለመጻፍ ሁለት ጊዜ ብዕር አንስቼ ሁለቱንም ጊዜ አስቀምጬዋለሁ። የደረሰብኝ ነገር በብዙ ቤት የደረሰ ስለሆነ ግን ዛሬ አጫውታችኋለሁ።

በ2008 ዓ.ም. ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ ከፈጅር ሶላት በኋላ ወደ መድረሳ ስሄድ ከኋላዬ የመጣ አይሱዙ መንገድ ስቶ ቀኝ እግሬን ሰበረኝ። ሾፌሩ ገና ልጅ ነበር። አልሸሸም፤ አንስቶ ሐኪም ቤት ያደረሰኝም እሱ ነው። ይህን ሳልናገር ባልፍ ሐቅ መደበቅ ይሆንብኛል። ሁለት ጊዜ ቀዶ ሕክምና ተደርጎልኝ ብረት ገባልኝ፤ ሆኖም ጉልበቴ አልታጠፍ አለ። ልጆችን ቁርኣን የማስቀራው መሬት ተቀምጬ፣ ሉሓቸውን ጭኔ ላይ አስደግፌ ነበር። አሁን ወንበር ላይ ሆኜ ከላይ ወደ ታች አያቸዋለሁ። ሱጁድም የማደርገው በምልክት ነው።

በሦስተኛው ሳምንት የመኪናው ባለቤት ሽማግሌዎች ላከ። አንድ በግ፣ 4 ሺህ ብርና «ከእንግዲህ ምንም ጥያቄ የለኝም» የሚል ወረቀት ይዘው መጡ። «ኡስታዝ፣ ቀደር ነው። ሰው የሚያስተምሩት እርስዎ አውፍ ካላሉ ማን ሊል ነው?» አሉኝ። አንባቢ ሆይ፣ ይህ ቃል በመድረሳ ላደገ ሰው ምን ያህል እንደሚከብድ ታውቃላችሁ። እስክሪብቶውን ተቀብዬ ነበር። ባለቤቴ ከጓዳ ሆና፣ «ልጁን አውፍ በለው፤ እኔም ብያለሁ። የልጆችህን እህል ግን ብቻህን አውፍ አትልም» አለችኝ። እስክሪብቶውን መለስኩ። በጉንም ይዘውት ሄዱ፤ ልጆቼ ስም አውጥተውለት ስለነበር አለቀሱ።

ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም። ለሌሎች ሳስተምረው የኖርኩትን ለራሴ ማሰብ ጀመርኩ። በሱረቱ ኒሳእ አንቀጽ 92 በስህተት ለተገደለ ሰው ቤተሰብ ዲያ ተደንግጓል፤ መማር የቤተሰቡ ምርጫ ነው። ስለዚህ ምሕረት የሚሰጥ እንጂ የሚቀበሉት ሰዎች ጽፈው የሚያመጡት አይደለም። ቀደር መሆኑም ካሣን አያስቀርም፤ ኪታቦቻችን ለእያንዳንዱ ጣት እንኳ ዐሥር ግመል ቆርጠዋል። ሰይዲና ዑመርም (ረ.ዐ.) ግመል ሲወደድ የነፍስ ዲያን ከ800 ዲናር ወደ 1,000 ዲናር ከፍ እንዳደረጉ ተዘግቧል።

ይህን ያነሳሁት ያለ ምክንያት አይደለም። በዚያን ጊዜ በሥራ ላይ በነበረው የሦስተኛ ወገን መድን አዋጅ ቁጥር 799/2005 መሠረት መድን ሰጪ ለአካል ጉዳት የሚከፍለው ጣሪያ 40 ሺህ ብር ነበር። ለንብረት ጉዳት ግን 100 ሺህ ብር። መኪናው እኔን ትቶ የሰው ሱቅ ቢያፈርስ ኖሮ የተሻለ ይከፈል ነበር ማለት ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ደግሞ በቁጥር 2116 ለሞራል ጉዳት የወሰነው ጣሪያ 1 ሺህ ብር ነው። በ1952 ዓ.ም. አንድ ሺህ ብር ስንት በሬ ይገዛ እንደነበር አባቶቻችሁን ጠይቁ።

መድን ድርጅቱ 9 ሺህ ብር ሊሰጠኝ ወሰነ። ምክንያቱ የገቢ ማስረጃ የለህም ነው። እውነትም የለኝም፤ ወላጆች በየወሩ በእጄ ይሰጡኛል እንጂ ደረሰኝ የሚባል ነገር የለም። አቤቱታ ጻፍኩ። የሕክምና ቦርድ ማስረጃውን አያያዝኩ። የ43 ልጆች ወላጆች በየወሩ ምን ያህል ይሰጡኝ እንደነበር ጽፈው ፈረሙልኝ፤ ግማሾቹ በጣት አሻራ። አንድ የሕግ ዕውቀት ያለው ጎረቤቴ፣ በቁጥር 2081 የመኪና ባለቤት ጥፋት ባይኖርበትም እንኳ ኃላፊ መሆኑን፣ የካሣ ክስም በሁለት ዓመት ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ እንደሚቀር አስረዳኝ። ያን ወረቀት ፈርሜ ቢሆን ኖሮ ምን ይዤ እቆም ነበር?

እናንተም ሽማግሌ ሆናችሁ የምትላኩ ካላችሁ፣ የታመመውን ጠይቁ፣ ዱዓ አድርጉለት፤ ወረቀቱን ግን ቤት ትታችሁ ሂዱ። ሐኪም ጨርሶ ሳይናገር እግሩ ምን እንደሚሆን እሱም እናንተም አታውቁም።

ጉዳዩ ዓመት ከሰባት ወር ፈጀ። መድን ድርጅቱ 31 ሺህ ብር ከፈለ፤ ቀሪውን ባለቤቱ ፍርድ ቤት ቀርቦ በየወሩ ሊከፍል ተስማማ፤ ከፍሎም ጨርሷል። ብሩን ይዞ ይመጣ የነበረው ያው ሾፌር ልጅ ነው። መጀመሪያ በር ላይ ሰጥቶኝ ይሄድ ነበር፤ በኋላ ግን ገብቶ ከልጆቼ ጋር ሻይ ይጠጣል።