ሙኻ፦ ስሟ በስኒ ውስጥ የቀረ ወደብ

ከባቡልመንደብ በስተሰሜን፣ በየመን የባሕር ዳርቻ ሙኻ የምትባል ትንሽ ከተማ አለች። ውድ አንባቢያን፣ እንግሊዞች «ሞካ» የሚሉት ቃል የተገኘው ከዚህች ወደብ ስም ነው። በ17ኛው ክፍለ ዘመን የእንግሊዝና የሆላንድ ነጋዴዎች ቡና ሊጭኑ ይመጡባት ነበር፤ በየመን ተራሮች የበቀለው ቡናም በወደቧ ስም ተጠራ። («ኮፊ» ከከፋ መጣ የሚሉ በእኛ ዘንድ ብዙ ናቸው፤ የቋንቋ ሊቃውንት ግን በቱርክና በሆላንድ አፍ ያለፈውን የዐረብኛ «ቀህዋ» ያስቀድማሉ።) ዛሬ ሞካ ብለው ቢያዙ ቸኮላት የተቀላቀለበት ቡና ይቀርብልዎታል፤ ሙኻን ያበለጸጋት ግን ቡና እንጂ ካካዎ አልነበረም! ሆላንዳውያን ቡናን በጃቫ ሲያለሙ፣ እንግሊዞችም እ.ኤ.አ. በ1839 ዓደንን ሲይዙ ንግዱ ራቃት። የነጋዴዎቹ ቤቶች ፈራርሰዋል። በከተማዋ የሚታወቀው ነጩ መስጊድ የሸይኽ ዐሊ አሽ-ሻዚሊ ነው፤ ሸይኹ ሙሪዶቻቸው ለሌሊት ዚክር እንዲነቁ ቡና ያጠጧቸው ነበር ይባላል።