ዝሆን ላይ ያልወጣንበት ቀን



ከአገሬ ስወጣ የአሥር ዓመቷ ልጄ ያዘዘችኝ አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ዝሆን ላይ ተቀምጬ የተነሣሁት ፎቶግራፍ። «አባዬ፣ ከላይ ሆነህ እጅህን አውለብልብልኝ» አለችኝ። እኔም ኢንሻ አላህ ብዬ ቃል ገባሁላት።

ጉዞው የሽርሽር አልነበረም። አጎቴ ሐጂ ለሕክምና ወደ ባንኮክ ሲሄዱ እንግሊዝኛ የሚናገር ሰው ያስፈልጋቸው ስለነበር፣ መምህር በመሆኔ ዕጣው ለኔ ደረሰ። ለሕክምና ወደ ታይላንድ የሚሄደው ወገናችን ብዙ ነውና በሆስፒታሉ አዳራሽ አማርኛ መስማታችን እንኳ አላስገረመንም። ምርመራው ካለቀ በኋላ ግን «ውጤቱ በአሥር ቀን ይደርሳል» ተባልን። አጎቴ ግድግዳ ማየት ሰልችቷቸው ነበርና ሐኪሙን አስፈቅደን፣ በሌሊት ባቡር 751 ኪሎ ሜትር ወደ ሰሜን ተጉዘን ቺያንግ ማይ ከተማ ገባን።

ቺያንግ ማይ እ.ኤ.አ. በ1296 የተቆረቆረች፣ አሮጌው ክፍሏ በቦይ ውኃ የተከበበ ከተማ ናት። አገሩ የቡድሃ እምነት ተከታዮች አገር ቢሆንም ሙስሊም እንግዳ አይቸገርባትም። ከቻይናዋ ዩናን ግዛት በበቅሎ እየነገዱ የመጡ ሙስሊሞች ከብዙ ዘመን በፊት ሰፍረውባታል። በባን ሆ መስጊድ አካባቢ ሐላል ምግብ ቤቶች አሉ። «ካኦ ሶይ» የሚባለውን በቅመም የተሠራ የኑድል ሾርባ ሲቀምሱ አጎቴ «ይህስ የሐረር ቅመም የገባበት ይመስላል» ብለው ፈገግ አሉ።

እዚያው አካባቢ የጉዞ ቲኬት የሚሸጥ ሰው ሁለት ወረቀት ዘረጋልን። በአንደኛው ላይ ጀርባው ላይ የእንጨት ወንበር የተጫነበት ዝሆን አለ፤ ወንበሩ ላይ ሁለት እንግዶች ተቀምጠው እጃቸውን ያውለበልባሉ። ልክ ልጄ ያዘዘችው! ሁለተኛው ግን ዋጋው እጥፍ ሆኖ ሳለ ዝሆን ላይ መውጣት የለበትም። ማየት፣ ማብላት፣ ከዚያም በቀርከሃ ርብራብ በወንዝ ላይ መንሳፈፍ ብቻ ነው። በልቤ «ገንዘብ ጨምሬ ጥቂት የማገኝበት ምን ዓይነት ንግድ ነው?» አልኩ። አጎቴ ግን ጣታቸውን ሁለተኛው ወረቀት ላይ አሳረፉ። ምክንያቱን አልነገሩኝም፤ እኔም አልጠየቅኋቸውም።

በማግስቱ ማለዳ መኪና መጥቶ ወሰደን። ከማሌዥያ የመጡ ባልና ሚስት ከሁለት ልጆቻቸው ጋር አብረውን ነበሩ። መንገዱ ከከተማዋ በስተደቡብ ምዕራብ፣ ሜ ዋንግ ወደሚባለው ተራራማ ወረዳ ይወስዳል። ወጣቱ መሪያችን የካረን ብሔረሰብ ተወላጅ ነው። ካረኖች ለብዙ ትውልድ ከዝሆን ጋር የኖሩ የተራራ ሕዝቦች ናቸው። የዝሆኖቹን ታሪክም በመንገድ ላይ እንዲህ ሲል አጫወተን።

በዚህ አገር ዝሆን ለረጅም ዘመን የሥራ እንስሳ ነበር። በጫካ የተቆረጠውን የቲክ እንጨት የሚጎትተው እሱ ነው። እ.ኤ.አ. በ1939 የወጣው ሕግም ለማዳውን ዝሆን እንደ ፈረስና እንደ ከብት ከሥራ እንስሳት መደበው። ይሁንና እ.ኤ.አ. በኅዳር 1988 በደቡቡ ክፍል ከባድ ጎርፍ ደረሰ። ከተራቆተው ተራራ አፈርና ግንድ እየተናደ በመቶ የሚቆጠር ሰው አለቀ። ስለዚህ መንግሥት በጥር 1989 የጫካ ቆረጣን ከለከለ። ለደኑ መልካም ሆነ፤ ዝሆንና ጠባቂው ግን በአንድ ጊዜ ሥራ ፈቱ። አንዳንዱ ዝሆኑን ይዞ በከተማ ጎዳና ለመነ፤ ብዙው ደግሞ ወደ እንግዶች ንግድ ገባ።

«ግን ዱር የሚያህል እንስሳ ለሰው የሚታዘዘው እንዴት ነው?» ብዬ ጠየቅሁት። ግልገሉን ከእናቱ ነጥለው በጠባብ የእንጨት በረት ያስሩታል፤ መንፈሱ እስኪሰበር ድረስ በረሀብ፣ በእንቅልፍ ማጣትና በዱላ ያሠቃዩታል አለን። ጭንቅላቱ ላይ በሜንጦ እየተወጋ የተማረውን ፍርሃት ዕድሜውን ሙሉ አይረሳውም። መሪያችን ይህን ሲናገር ድምፁን ዝቅ አደረገ፤ አያቱም ይህንኑ ያደርጉ ነበርና። እኛም ዝም አልን። የወረቀቱ ሥዕል ትዝ አለኝ። ዝሆኑ ወንበር ተጭኖ የቆመው ወዶ መስሎኝ ነበር። ለካስ መታገሥ መፍቀድ አይደለም!

ከቦታው ስንደርስ አራት ሴት ዝሆኖች ከወንዙ ማዶ ቆመው ሣር ይቦጭቃሉ። የእስያ ዝሆን ከእኛ አገሩ ያንሳል፤ ጆሮውም ትንሽ ነው። የኩምቢውን ጫፍ ብታዩት እንደ ጣት የሚይዝበት ሥጋ አንድ ብቻ ነው፤ የአፍሪካው ግን ሁለት አለው። በቀን እስከ 150 ኪሎ ግራም መኖ ይበላል፤ ከሚበላው ከግማሽ በላይ ሳይፈጭ ይወጣልና ቀኑን ሙሉ መብላት አለበት። እናቲቱ ግልገሏን ወደ 22 ወር ገደማ በማህፀኗ ትሸከማለች። ሱብሐነላህ!

ሸንኮራና ሙዝ በቅርጫት ተሰጠን። የማሌዥያዎቹ ልጆች እየሳቁ ቀረቡ። አጎቴ ግን ዛፍ ተደግፈው ከሩቅ ቆሙ። ከአራቱ አንዷ ስልሳ ዓመት ገደማ የሆናት አሮጊት ናት፤ ግንባሯ ላይ የሜንጦ ጠባሳ አለ፤ ጀርባዋም ከሌሎቹ ይልቅ ጎብጧል። በወጣትነቷ እንጨት ጎትታለች፤ ከዚያም ለብዙ ዓመት የእንግዳ ወንበር ተሸክማለች። የዝሆን የጀርባ አጥንት ወደ ላይ የወጣ ሹል ስላለው ወንበር እንደሚጎዳው የሰማሁት የዚያን ዕለት ነው። አሮጊቷ ሙዙን ከመዳፌ ስታነሣ ኩምቢዋ እርጥብና ለስላሳ ነበር። አንድም ትእዛዝ የሚሰጣት ሰው አልነበረም። በበቃት ጊዜ ዞር ብላ ሄደች።

ትንሹ የማሌዥያ ልጅ «አብሬያቸው በወንዙ ልታጠብ» ሲል ጠየቀ። መሪያችን በትሕትና ከለከለው። እ.ኤ.አ. በጥር 2025 በደቡብ ታይላንድ ዝሆን ስታጥብ የነበረች አንዲት ወጣት እንግዳ በዝሆኗ ተወግታ ሞታለች። «መታጠብ ሲፈልጉ ራሳቸው ይገባሉ፤ እኛ ከዳር ሆነን እናያለን» አለ። ልጁ አኮረፈ። ከጥቂት ጊዜ በኋላ ግን ሁለቱ ዝሆኖች ከውኃው ገብተው ሲረጫጩ አይቶ ኩርፊያውን ረሳ።

በዚህ መካከል አጎቴ ከዛፉ ሥር ሆነው ጠሩኝ። «ይህን ልጅ ጠይቅልኝ፤ ሌሊት የት ያድራሉ?»

ጠየቅሁት። ሌሊት በረጅም ሰንሰለት ይታሰራሉ አለ፤ ሳይደብቅ። «ከለቀቅናቸው የጎረቤት በቆሎ ይበላሉ።»

«ቢበሉስ?»

«ባለቤቱ ይከፍላል። እኛም ከፍለን እናውቃለን።»

አጎቴ ይህን ስተረጉምላቸው መሬት መሬት እያዩ ለረጅም ጊዜ ዝም አሉ።

ዙህር ሲደርስ ከቀርከሃ በተሠራ ዳስ ውስጥ ምንጣፍ ዘረጋን። እኛ ሐረርጌዎች ወደ ሰሜን ዞረን መስገድ ለምደን፣ እዚያ ወደ ምዕራብ መዞራችን ምን ያህል ርቀን እንደመጣን አስታወሰኝ። ዙህርና ዐስርን እንደ መንገደኛ አሳጥረንና አጣምረን ሰገድን። ምሳችን ሩዝ፣ እንቁላልና አትክልት ነበር። ሥጋ እንደማንበላ ገና ከዋዜማው ስለነገርናቸው በሌላ ድስት አብስለውልናል። የሚሄድ ሰው ቢኖር አስቀድሞ ቢናገር ይበጀዋል።

ከሰዓት በኋላ ወደ ወንዙ ወረድን። ሜ ዋንግ ከዶይ ኢንታኖን ተራራ አካባቢ የሚወርድ ቀጭን ወንዝ ነው። ፒንግ ከተባለው ወንዝ ጋር ይገናኛል፤ ፒንግም ሌሎቹን ወንዞች ተቀላቅሎ ቻኦ ፕራያ ተብሎ በባንኮክ መካከል ያልፋል። እኛ የተጓዝንበት ጊዜ ታኅሣሥ ስለነበር ውኃው ከጉልበት ብዙም አያልፍም። ርብራቡ ረጃጅም ቀርከሃ ጎን ለጎን ታስሮ የተሠራ ነው፤ አንድ ሰው ከፊት ቆሞ በረጅም ዘንግ ወለሉን እየገፋ ይነዳዋል። አጎቴ ዋና አያውቁም። የሕይወት አድን ሰደርያቸውን ሁለት ጊዜ አጠበቁና «ቢስሚላህ» ብለው ተቀመጡ። ውኃው በቀርከሃው መካከል እየገባ ልብሳችንን አራሰው። ከዚያ በኋላ የሚሰማው የዘንጉ ድምፅና የወፍ ዝማሬ ብቻ ነበር።

ጸጥታው ይመስለኛል አፋቸውን የከፈተው።

«አሥራ አንድ ዓመቴ ነበር» አሉ። «በኤረር ሸለቆ አፋፍ የአባቴ ማሽላ ሊታጨድ ሳምንት ሲቀረው ዝሆኖች በሌሊት ገቡበት። ቆርቆሮ ደበደብን፤ እሳት ለኮስን፤ አልመለስናቸውም። ሲነጋ የቆመ አገዳ አልነበረም። ያን ዓመት የበላነው ከዘመድ ለምነን ነው። ታናሽ እህቴ ያኔ ሞተች። በሽታ ነው አልን እንጂ ረሀብ ነው አላልንም።»

ይህን ታሪክ በቤተሰባችን ሰምቼው አላውቅም።

«ከዚያ ሰዎች ጠመንጃ ይዘው ወጡ። የገደሏት እናት ሆና ተገኘች። ጥርሷን እስኪወስዱ ድረስ ሌባ እንዳይነካት ጠብቅ ብለው እኔን አስቀመጡኝ። ግልገሏ ከሬሳዋ አልለይ አለ። በኩምቢው ፊቷን ይዳስሳል። ድንጋይ ወረወርኩበት፤ እንዲሄድልኝ ብዬ ነው። አልሄደም። በሦስተኛው ቀን ሲነጋ የለም። የት እንደደረሰ አላውቅም።»

ርብራቡ አንድ መታጠፊያ ዞረ። ምን እንደምላቸው አላወቅሁም። እሳቸው ግን ቀጠሉ። «ዝሆን ጠላቴ ነው ስል ኖርኩ። አብረሃ ካዕባን ሊያፈርስ በዝሆን የመጣበትን ታሪክ በመድረሳ ስንቀራ ሁልጊዜ የማስበው ዝሆኑን ነበር። እሱ ግን ወደ መካ ሲያዞሩት ተንበርክኮ እምቢ አለ። ክፋቱ የሰዎቹ እንጂ የእሱ አልነበረም። ይህን ስቀራው ኖሬ ዛሬ ገና ገባኝ።»

«የአባታችሁ ማሽላስ፣ ሐጂ?» አልኩ።

«ማሽላውማ ማሽላ ነው» አሉ ቆጣ ብለው። «የእህቴ ነገር አይረሳም። እዚህ የጎረቤቱ በቆሎ ቢበላ ይከፍላሉ። እኛን ማን ከፈለን? ገበሬው ቢካስ ኖሮ ጠመንጃ ባልተነሣ፤ ግልገሉም እናት ባላጣ።»

ውድ አንባብያን! በሐረር አቅራቢያ የሚገኘው የባቢሌ የዝሆኖች መጠለያ እ.ኤ.አ. በ1970 የተቋቋመ ነው። ዛሬም በዚያ የሚኖሩት ዝሆኖችና በዙሪያው የሚያርሰው ገበሬ በአንድ መሬትና በአንድ ውኃ ላይ ይጋፋሉ። እንስሳውን እንጠብቅ ስንል ማሳው የሚበላበትን ሰው ካልጠበቅን ነገሩ ግማሽ ፍትሕ ነው። የተራበችና የደከመች ግመል ለነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ.) ስሞታ ባሰማች ጊዜ ባለቤቷን ጠርተው እንደገሠጹት ሁላችንም ተምረናል። እንስሳ ለሥራ ተፈቅዶልናል፤ መከራው ግን አልተፈቀደልንም።

ወደ ታይላንድ የሚሄድ ሰው ደግሞ በየማስታወቂያው ላይ የተጻፈውን ደግ ቃል ብቻ አይመን። «ዝሆን ላይ ይወጣል ወይ? ትርኢት ያሳያሉ ወይ? ሜንጦ ይያዛል ወይ? እንግዳ አብሯቸው ይታጠባል ወይ?» ብሎ ይጠይቅ። መልሱ «የለም» ከሆነ መልካም ምልክት ነው። ደግሞም እነዚህ ዝሆኖች ዝም ብለው ወደ ዱር ቢለቀቁ የሚበቃቸው ዱር የለም። እ.ኤ.አ. በ2020 በኮሮና ምክንያት እንግዳ ሲጠፋ፣ የሚበላቸው ያጡ ከመቶ በላይ ዝሆኖች ከቺያንግ ማይ አካባቢ ወደ ካረኖች መንደር በእግራቸው ተመልሰዋል። ስለዚህ የምንከፍለው ገንዘብ የመኖና የጠባቂ ደመወዝ ነው። እኔ «ጥቂት የማገኝበት» ያልኩት እጥፍ ዋጋ ይኸው ነበር።

ከወንዙ ወጥተን መኪናው እስኪመጣ ስንጠብቅ አጎቴ ጥቂት ሙዝ ለመኑ። አሮጊቷ ዝሆን ወደቆመችበት ብቻቸውን ሄዱ፤ ሦስት እርምጃ ሲቀራቸው ቆሙ። ሙዙን ዘረጉላት። እጃቸው ይንቀጠቀጥ ነበር። ፎቶግራፍ ያነሣሁት ያኔ ነው።

ማታ ፎቶግራፉን ወደ ቤት ላክሁት። ልጄ ወዲያው ደወለች። «አባዬ፣ ለምን አልወጣህባትም?» አለችኝ። መልስ ስፈልግ አጎቴ ስልኩን ከእጄ ወሰዱት።

«ልጄ፣ እሷ አሮጊት ናት። አሮጊት ላይ ይወጣል እንዴ?»

ትንሽ ዝም አለችና «ታዲያ ምን ሰጣችኋት?» አለች።

«ሙዝ» አሏት።