«እርጅና ነው» ብላችሁ አትለፉት

ረዘም ይላል፤ ጋሪ ያለው ሰው የምታውቁ ግን እስከ መጨረሻው አንብቡልኝ።

እኛ ሀገር ጀግና በፈረሱ ስም ይጠራል። ምኒልክ አባ ዳኘው፣ ቴዎድሮስ አባ ታጠቅ፣ ባልቻ አባ ነፍሶ። ዛሬም ከ2 ሚሊዮን በላይ ፈረስ አለን። ፈረስ ሲያረጅ ምን እንደሚያመው ጠይቁ ግን፤ መልሱ አንድ ነው፦ «እርጅና ነው፣ ምን ይደረግ!» ከዚያ ይለቀቃል። መለቀቅ ምን ማለት እንደሆነ የፉሪ ሰው ያውቃል። ቀን አስፋልት ዳር ቆሞ ታዩታላችሁ፣ ሌሊት ጅብ ይጨርሰዋል።

ውስጥ ለውስጥ መንገዱ ላይ አሸዋና ውሃ የሚያመላልሱ ጎረቤት አሉን፤ ሁላችንም ጋሼ ነው የምንላቸው። ፈረሳቸው በቀለሙ ዳማ ይባላል። አብረው 14 ዓመት ሠርተዋል። ሦስት ልጆች ያስተማረ ፈረስ ነው ብል አላጋነንኩም፤ ሁለቱን እኔው ክፍል ውስጥ አስተምሬያቸዋለሁ።

ባለፈው ዓመት ዳማ ተለወጠ። ክረምቱ ወጥቶ፣ ጥቅምት ላይ ፀሐይ ሲከር የሌሎቹ ፈረሶች ገላ ያብረቀርቃል፤ የሱ ፀጉር ግን እንደ በግ ረዝሞ ተጠቀለለ። አይረግፍም። ጀርባው ጎደጎደ፣ ሆዱ ተንጠለጠለ። አንድ ባልዲ ውሃ ጨርሶ ሌላ ይፈልጋል፣ የቆመበት መሬት ሁሌ እርጥብ ነው። ሳይሠራም ያልበዋል። ሰፈሩ እንደተለመደው ሦስት ቦታ ተከፈለ፦ ብርድ ነው ያለ አለ፣ ዓይን ነው ያለ አለ፣ እርጅና ነው ያለ አለ። ጋሼም ሊለቁት ወሰኑ። አልፈርድባቸውም። የማይሠራ ፈረስ የሚበላው ከቤተሰብ ጉሮሮ ላይ ነው።

ከመለቀቁ በፊት አንድ የእንስሳት ሐኪም ለምነን አመጣን። ጥርሱን አይቶ «ከ20 ዓመት አያንስም» አለ። ፀጉሩን፣ ጀርባውን፣ ሰኮናውን ካየ በኋላ ደግሞ «ይሄ የፒቱታሪ ችግር ይመስላል» አለን። እኔ የባዮሎጂ አስተማሪ ነኝ፤ ፒቱታሪን በየዓመቱ ሰሌዳ ላይ እስላታለሁ። ጋሪ ላይ አገኛታለሁ ብዬ ግን አስቤ አላውቅም። ያን ሰሞን ያገኘሁትን ሁሉ ሳነብ ሰነበትኩ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ፒቱታሪ ከአንጎል ሥር ያለች ትንሽ ዕጢ ናት። የመካከለኛው ክፍሏን ሥራ በልክ የሚይዘው ከሃይፖታላመስ የሚመጣ ዶፓሚን የሚባል ንጥረ ነገር ነው። ፍሬን በሉት። ፈረሱ ሲያረጅ ዶፓሚኑን የሚለቁት የነርቭ ሴሎች ይጎዳሉ። ከዚያ በኋላማ ቁልቁለት ላይ ፍሬኑ እንደተበጠሰ ባጃጅ ነው። ዕጢዋ ታብጣለች፣ ኤሲቲኤች የሚባለውን ጨምሮ ሆርሞኖቿ ከልክ ያልፋሉ። ፀጉር አልረግፍ ይላል፣ ጡንቻ ይሟሽሻል፣ ሰውነት በሽታ የመከላከል አቅሙ ይደክማል፣ ቁስል ቶሎ አይድንም። ከሁሉ የከፋው ግን ሰኮና ውስጥ የሚነሳው መቆጣት ነው። ፈረስን መሬት ላይ የሚጥለው እሱ ነው።

በሽታው በብዛት የሚታየው ከ15 ዓመት በላይ በሆኑ ፈረሶች ላይ ነው። እኛ ጋ ስሙ የማይታወቀው ለዚህ ይመስለኛል። ስንቱ የጋሪ ፈረስ ነው 15 ዓመት የሚሞላው? በጭነት፣ በቁስል፣ በመኪና አደጋ ቀድሞ ያልቃል። ዕድሜ ያገኘው ጥቂቱ ደግሞ ሲታመም የሚያውቅለት ያጣል።

መድኃኒት አለው፤ ፐርጎላይድ ይባላል። ዶፓሚንን ተክቶ የሚሠራ ኪኒን ነው። ድሮ ለሰው የፓርኪንሰን በሽታ ይታዘዝ ነበር። የልብ ቫልቭ ስለሚጎዳ አሜሪካ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ2007 ለሰው መሸጡ ቆመ፤ በ2011 ለፈረስ ተፈቀደ። ከሥሩ አያድንም፣ ምልክቱን ነው የሚቀንሰው፤ በየቀኑ፣ ዕድሜ ልክ ይሰጣል። እኛ ፈልገን አላገኘንም። የኤሲቲኤች የደም ምርመራውንም እንደዚያው። ብናገኝስ፣ የጋሪ ገቢ ስንት ወር ይችለዋል?

ቁም ነገሩ እዚህ ጋ ነው። መድኃኒቱ የለም ማለት የሚደረግ የለም ማለት አይደለም። ሐኪሙ ያዘዘን ይሄን ነው፦

1. ፀጉሩን ሸልቱት። ከላቡ ይገላገላል፣ የተደበቀ ቁስልም ይታያል። ማታ ብርድ ስላለ ጀርባውን አልብሱት።
2. ሞላሰስ፣ ደረቅ ዳቦና ብዙ እህል ይቅርበት። ስኳርና ስታርች ሰኮናውን ያባብስበታል። ድርቆሽ ትንሽ በትንሽ፣ ቶሎ ቶሎ ስጡት።
3. ውሃ አይከልከል። ብዙ የሚጠጣው ብዙ ስለሚሸና ነው።
4. ሰኮናው በየ6 እና 8 ሳምንቱ ይከርከም። ሰኮናው ከሞቀ፣ እሾህ ላይ እንደሚሄድ ከረገጠ፣ ወደ ኋላ እግሩ ተደግፎ ከቆመ ጋሪ አትጥመዱት፣ በዚያው ቀን ሐኪም ጥሩ።
5. ጥርሱ ይታይ፣ የትል መድኃኒት በሐኪም ትእዛዝ ይሰጠው። ሌላ የሚያከሳ ነገር እንዳይደረብበት።

አብዛኛው የሚጠይቀው መቀስና ትኩረት ነው። ጋሼ ዳማን አልለቀቁትም። ጋሪውን ከወንድማቸው ልጅ ጋር በጋራ በያዙት ሌላ ፈረስ ይሠራሉ፤ ድርቆሹን ደግሞ ጎረቤት ተጋግዘን እንገዛለን። ዳማ አልዳነም፣ አይድንምም። ግን በአራት እግሩ ቆሞ ይበላል። ሕመሙ የማይቻል ቀን ሲመጣ ሐኪም ተጠርቶ ያለ ስቃይ እንዲያርፍ ይደረጋል እንጂ ለጅብ አይሰጥም። ይሄን ጋሼ በራሳቸው አንደበት ነው የነገሩኝ።

ስለዚህ ፀጉሩ የማይረግፍ፣ ጀርባው የጎደጎደ ሽማግሌ ፈረስ ካያችሁ ባለቤቱን አትቆጡት። ቁጭ በሉና ይህ በሽታ መሆኑን፣ ስምም እንዳለው ንገሩት። ቢሾፍቱ ያለው የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የእንስሳት ሕክምናና ግብርና ኮሌጅ የተማራችሁ ሐኪሞች እዚህ ገጽ ላይ እንዳላችሁ አውቃለሁ፤ መድኃኒቱም ሆነ ምርመራው የሚገኝበትን የምታውቁ ኮመንት ላይ ጻፉልን። በደቡብ አዲስ አበባ በኩል ላሉ ባለጋሪዎች እኔ አደርሳለሁ።