የማሽን ገዳም

ከምድር ወለል በታች እጅግ ጠልቆ፣ እንደ ማር እንጀራ ቀዳዳ ስድስት ማዕዘን ባለው አንድ ጠባብ ክፍል ውስጥ አንዲት ሴት ተቀምጣለች። መስኮት የለም፤ ብርሃን ግን አለ። የሙዚቃ መሣሪያ አይታይም፤ ዜማው ግን ይሰማል። ሴትዮዋ ከወንበሯ ሳትነሣ አንዱን ቁልፍ ስትነካ ምግብ ይቀርብላታል፤ ሌላውን ስትነካ የሞቀ መታጠቢያ ከወለሉ ብቅ ይላል፤ ሦስተኛውን ስትነካ በሺህ የሚቆጠሩ ወዳጆቿ ድምፅ ይጎርፍላታል። ፊቷ ፀሐይ ነክቶት ስለማያውቅ እንደ እንጉዳይ ነጥቷል። ስሟ ቫሽቲ ነው። የፈጠራት እንግሊዛዊው ደራሲ ኢ. ኤም. ፎርስተር (1879–1970) ሲሆን፣ “ማሽኑ ቆመ” የተሰኘው አጭር ልብ ወለዱ ለመጀመሪያ ጊዜ የታተመው እ.ኤ.አ. በ1909 ነው።

ደራሲው በዚያ ዘመን፣ ሰዎች በየክፍላቸው ሆነው በሚያበራ ሳህን መልክ ለመልክ እየተያዩ የሚነጋገሩበትን ዓለም መሳሉ ብዙዎችን ሲያስደንቅ ኖሯል። ይሁን እንጂ የድርሰቱ ቁም ነገር ይህ ትንቢት መሰል ችሎታ አይደለም። ቁም ነገሩ፣ ሰው በእጁ ለሠራው ነገር የሚንበረከክበት ሃይማኖት እንዴት እንደሚወለድ ማሳየቱ ነው።

አንባቢ የቫሽቲን ኑሮ ሲመለከት ገዳም ቢታወሰው አያስገርምም። ክፍሏ በዓት ትመስላለች፤ ብቸኝነቷ ምናኔን ይመስላል፤ ከጎኗ የማይለየው መጽሐፍም የጸሎት መጽሐፍ ይመስላል። መጽሐፉ ግን ስለ ነፍስ አይናገርም። ሙቀት ቢበዛ፣ ሆድ ቢታወክ፣ የሚናገሩት ቃል ቢጠፋ የትኛው ቁልፍ እንደሚነካ የሚያስረዳ መመሪያ ነው። ቫሽቲ ይህን መመሪያ ሦስት ጊዜ ትሳለመዋለች፤ ሦስት ጊዜም አንገቷን ትደፋለታለች።

ሆኖም ልዩነቱ ከመመሳሰሉ ይበልጣል። በስድስተኛው መቶ ዘመን የተደነገገው የቅዱስ ቤኔዲክቶስ የገዳም ሥርዓት ለመነኮሳቱ ከጸሎት ጋር የእጅ ሥራ ሰዓትም መድቦላቸዋል። በኢትዮጵያ ገዳማትም መነኩሴው ውኃ ይቀዳል፤ መሬት ይቆፍራል፤ ብራና ይፍቃል። እውነተኛው መናኝ ዓለምን ቢተውም ድካምን አልተወም። የማሽኑ ገዳም ግን ሥራ የሌለበት ገዳም ነው። እንዲያውም ጡንቻው ጠንክሮ የተወለደ ሕፃን በሕይወት እንዲኖር አይፈቀድለትም፤ ጉልበት ለማሽኑ ዓለም አይበጅምና። በዚህ ገዳም የሚያብበው ሰው ሳይሆን መመሪያው ነው።

ቫሽቲ ኩኖ የሚባል ልጅ አላት፤ የሚኖረውም በምድር ሌላ ንፍቅ ነው። አንድ ቀን በሳህኑ ይጠራትና በአካል መጥታ እንድታየው ይለምናታል። እናቲቱ ግራ ይገባታል። አሁን እየተያዩ አይደለምን? ልጁ ግን የሚያየው ምስሏን እንጂ እርሷን አለመሆኑን ያውቃል። ማሽኑ ትልቅ ነገር ቢሆንም የሠሩት ሰዎች መሆናቸው እንዳይረሳ ሲያሳስባትም፣ እንደ ክህደት ቃል ትሰቀቃለች። ወደ ኋላ ደግሞ ይህ ልጅ ከክፍሉ ደጅ ወዲያና ወዲህ እየተመላለሰ የላላውን እግሩን ያጠነክራል፤ ቅርብና ሩቅ ምን እንደሆኑ በገዛ እግሩ እንደገና ይማራል። በመጨረሻም በአሮጌ የአየር መተላለፊያ ወጥቶ ኮረብታ፣ ሣርና ፀሐይ ያያል። በማሽኑ ገዳም ከሁሉ የከፋው ኃጢአት ይህ ነው፤ ቅጣቱም ከመኖሪያ ተባርሮ በምድር ላይ መጣል ነው።

ዓመታት ካለፉ በኋላ ወደ ምድር ገጽ ለመውጣት የሚያገለግለው የመተንፈሻ መሣሪያ ይሰረዛል፤ ሃይማኖትም በይፋ ይመለሳል። ጊዜው በአጋጣሚ የተመረጠ አይደለም። ማሽኑን በሙሉ የሚያውቅ አንድም ሰው የጠፋበት ወቅት ነበር። የቀደሙት ሊቃውንት ሞተዋል፤ የቀሩት እያንዳንዳቸው የሚያውቁት የድርሻቸውን ብልት ብቻ ነው። አገልጋዮቹ ይበልጥ ሲቀላጠፉ ማስተዋላቸው ይበልጥ ቀነሰ፤ ማስተዋል በለቀቀው ቦታም ስግደት ገባ። ማሽኑ አምላክ የሆነው ኃይሉ ስለ ጨመረ ሳይሆን፣ ጠጋኙ እጅ ሙያውን ስለ ዘነጋ ነው።

ይህ የደራሲ ምናብ ብቻ ነው የሚል ቢኖር የአሜሪካዊውን ሰባኪ የጆን መሪ ስፒርን ታሪክ ያስታውስ። ስፒር ባርነትን በጽናት የተቃወመ፣ በየወኅኒ ቤቱ እየዞረ እስረኞችን የረዳ ሰው ነበር። እ.ኤ.አ. በ1853 በማሳቹሴትስ ግዛት በሊን ከተማ፣ ከመናፍስት መመሪያ ደርሶኛል ብሎ፣ ከተከታዮቹ ጋር ከመዳብ፣ ከዚንክና ከማግኔት አንድ ማሽን ሠራ። ማሽኑ ሕይወት ዘርቶ ዓለምን የሚያድስ መሲሕ ይሆናል ተብሎ ተጠበቀ። አልሆነም። በኋላ ወደ ኒው ዮርክ ግዛት ተወሰደ፤ እንደ ስፒር አነጋገርም በዚያ የተቆጣ ሕዝብ ሰባበረው። በቅርቡ ዘመንም፣ እ.ኤ.አ. በ2015፣ በካሊፎርኒያ አንድ መሐንዲስ ከሰው ሠራሽ አስተውሎት የሚገኝ አምላክን ዓላማው ያደረገ የሃይማኖት ድርጅት አስመዝግቦ ነበር።

የስፒር ታሪክ የሚያሳዝነው ሞኝ ስለ ነበረ አይደለም፤ ደግ ስለ ነበረ ነው። ለእስረኛው የደረሰለት በእግሩ ሄዶ፣ በእጁ ይዞ፣ በአንደበቱ ተሟግቶ ነበር። ይህ ሥራ ዝግተኛና አድካሚ ነው፤ መልካም ሰውን ሳይቀር ያሰለቻል። ፍትሕ ያለ ድካም ከመዳብና ከማግኔት ቢወለድ የማይመኝ ማን ነው? ለማሽን መስገድ የሚጀምረው ከክፋት ሳይሆን ከዚህ ምኞት ነው።

በፎርስተር ድርሰት ፍጻሜው ቀስ ብሎ ይመጣል። መጀመሪያ ሙዚቃው ይንተፋተፋል። ሰዎች አቤት ይላሉ፤ መልስ ሲያጡም ይለምዱታል። ቀጥሎ የመታጠቢያው ውኃ ይሸታል፤ ይህንንም ይለምዱታል። በመጨረሻ ሌላውን ሁሉ የሚጠግነው ክፍል ራሱ ጠጋኝ እንደሚሻ ይነገራል። ሊጠግነው የሚችል ግን የለም። ጸሎት ይበዛል፤ መጽሐፉ ይሳማል፤ ማሽኑም ይቆማል። ከተወለዱ ጀምሮ ሰምተውት የማያውቁት ጸጥታ ሲወርድባቸው ብዙዎች በድንጋጤ ይሞታሉ።

በዚያ ጨለማ ውስጥ ቫሽቲና ኩኖ ይገናኛሉ። ሳህን የለም፤ ቁልፍ የለም። እናት ልጇን በእጇ ዳስሳ ታገኘዋለች፤ ይሳሳማሉም። ልጁ ሲለምናት የኖረው ይህንኑ ነበር፤ የተሟላለት ግን ሁለቱም ሊሞቱ ሲሉ ነው። ተስፋው ሌላ ቦታ ነው። ማሽኑ ያባረራቸው፣ ቤት አልባ የተባሉት ሰዎች በላይ፣ በጉሙና በቅጠሉ መካከል እንደሚኖሩ ኩኖ አይቷቸዋልና ይነግራታል።

ከዚህ ድርሰት ማሽንን መጥላት የሚማር አንባቢ ቢኖር ጥቂቱን ብቻ ተምሯል። ማረሻም ሆነ ማተሚያ የሰው እጅ ሥራ ነው፤ ያለ እነርሱም ኑሮ አይቃናም። መጠየቅ ያለበት ሌላ ነው፤ ይህ መሣሪያ ሲሰበር የሚጠግነው ማን ነው? እርሱስ ሙያውን ለማን አስተምሯል? አስተማሪ ለተማሪው ውጤቱን ሰጥቶ መንገዱን ሲነሣው፣ ሠራተኛም መመሪያውን ሸምድዶ ምክንያቱን ሳይጠይቅ ሲቀር፣ ከማሽኑ ገዳም አንድ በዓት ተሠርቷል ማለት ነው። አበው የሰው መድኃኒቱ ሰው ነው ይላሉ። ቫሽቲ ይህን ያወቀችው የልጇን ፊት በጨለማ ስትዳስስ ነው።