አበበ ቢቂላ ከማራቶን በኋላ

ዛሬ ጠዋት ጫጫ አስፋልት ዳር ታክሲ ስጠብቅ፣ ቱታ የለበሱ ሁለት ልጆች ብርዱን ከምንም ሳይቆጥሩ በሩጫ አለፉኝ።

አጠገቤ የቆሙ አባት «አበበ ቢቂላ መኪናው የተገለበጠው እኮ በዚሁ መንገድ ነው፤ ሸኖ ጋ» አሉኝ።

መጋቢት 1961 ነበር። የሮምና የቶኪዮ ጀግና ከዚያ ወዲህ በእግሩ አልሄደም።

ብዙዎቻችን ታሪኩን እዚህ ላይ እንዘጋዋለን። እሱ ግን በ1962 እንግሊዝ አገር በተሽከርካሪ ወንበር ሆኖ በቀስት ውርወራና በጠረጴዛ ቴኒስ ተወዳደረ። በ1963 ደግሞ ኖርዌይ ላይ፣ በረዶ ላይ ውሾች በሚጎትቱት ጋሪ እሽቅድምድም አንደኛ ወጣ! (የሸዋን ሰው ከውሻ ጋሪ ምን አገናኘው አትበሉኝ።)

እኔን ከሮሙ ባዶ እግር ይልቅ ይሄኛው ይገርመኛል።

እናንተስ? ይህን ትምህርት ቤት የነገራችሁ አስተማሪ ነበር?